ዛፉና እንጨቱ፦ ከአንጠልያስ ባሕር ዳር እስከ አርዝ ተራሮች

አንጠልያስ ከቤይሩት በስተሰሜን፣ በሜዲትራንያን ባሕር ዳርና በመትን ተራሮች ግርጌ መካከል የምትገኝ ከተማ ናት። ከባሕሩ ዳር ተነሥቶ ወደ ምሥራቅ ሽቅብ የሚጓዝ ሰው በአጭር መንገድ ብዙ ዓይነት ዛፎችን ያልፋል። በዳርቻው ሙዝና ብርቱካን ያያል፤ ከፍ ሲል ጃንጥላ የመሰለው ስኖበር፣ ከዚያም ሲንድያን የሚባለው በሉጥ ይቀበለዋል። የብርዱ ወራት ሲቃረቡ ደግሞ ጉዞው ይገለበጣል፤ ተቆርጦ የተፈለጠ እንጨት በጭነት መኪና ከተራራው ወደ መንደሩና ወደ ከተማው ይወርዳል።

እ.ኤ.አ. በ2019 የጀመረው የኢኮኖሚ ቀውስ የሊባኖስን ገንዘብ አቅም አሳጣው፤ በ2021 የነዳጅ ድጎማ ሲነሣም ማዞት ገዝቶ ቤቱን ማሞቅ ያልቻለ ብዙ ቤተሰብ ፊቱን ወደ እንጨት አዞረ። ስለዚህ የዛፍና የእንጨት ዕውቀት በዚህ አገር የአናጢና የደን ባለሙያ ጉዳይ ብቻ መሆኑ ቀርቷል። በሰው ቤት ምድጃ የምታቀጣጥለው፣ በአትክልት ቦታ ዛፍ የሚከረክመው፣ በክፍሏ በከሰል ቡና የምታፈላው ሁሉ ከእንጨት ጋር በየቀኑ ይገናኛሉ። እንጨቱ ከየትኛው ዛፍ እንደተገኘ፣ ዛፉ ለመድረስ ምን ያህል ዘመን እንደሚፈጅበት፣ ሲቆረጥ መልሶ ማቆጥቆጥ አለማቆጥቆጡንና ሲነድ ምን እንደሚያወጣ ማወቅ ገንዘብንም፣ ጤናንም፣ ደንንም ያድናል።

ዛፍ፣ እንጨት፣ ማገዶ፣ ከሰል

በአማርኛ «እንጨት» የሚለው ቃል ሰፊ ነው። ምሰሶውም፣ ሳንቃውም፣ ለምድጃ የተፈለጠውም እንጨት ይባላል፤ የሚነደውን ለይቶ መናገር ሲያስፈልግ «ማገዶ» ይባላል። ቃሉ ከግእዙ «ዕፅ» የወጣ ሲሆን ግእዙ ዛፉንም እንጨቱንም በዚሁ በአንድ ስም ይጠራል።

ዐረብኛው ግን ይለያል። በሥሩ የቆመው ዛፍ «ሸጀራ» ነው። ለሥራ የሚውለው እንጨት «ኸሸብ»፣ ለማገዶ የሚውለው «ሐጠብ»፣ ከሰሉ ደግሞ «ፈሕም» ይባላል። አንድ ግንድ ወደ አናጢው ቢሄድ ኸሸብ፣ ወደ ምድጃው ቢሄድ ሐጠብ ይሆናል። ቃሉ የሚነግረው እንግዲህ የዛፉን ዓይነት ሳይሆን ዕጣውን ነው። «ሐጠብ» ተብሎ የሚሸጠው ክምር ውስጥ በሉጥም፣ ወይራም፣ ስኖበርም፣ አንዳንድ ጊዜም መቆረጥ የማይገባው ዛፍ ሊኖር ይችላል፤ ይህን የሚለየው የገዢው ዓይን ነው።

አማርኛ ተናጋሪውን የሚያሳስት አንድ ቃል አለ፤ እርሱም «ጣውላ» ነው። በአማርኛ ጣውላ የተሰነጠቀ ሳንቃ ነው፤ በሊባኖስ ዐረብኛ ግን ጣውላ ማለት ጠረጴዛ ሲሆን፣ በየደጃፉ በዛር የሚጫወቱት የጠጠር ጨዋታም በዚሁ ስም ይጠራል። ሳንቃውን የሚፈልግ ሰው «ለውሕ ኸሸብ» ቢል ይግባባል።

እንጨት እንዴት ይሠራል

ዛፍ የሚወፍረው ከቅርፊቱ ሥር ባለ አንድ ስስ ሕያው ሽፋን አማካይነት ነው። ይህ ሽፋን ወደ ውስጥ አዲስ እንጨት፣ ወደ ውጭ አዲስ ቅርፊት ይሠራል። እንደ ሊባኖስ ተራራ ብርድና ሙቀት በሚፈራረቁበት ቦታ እድገቱ በአንድ ወቅት ይፈጥናል፣ በሌላው ይቆማል፤ በተቆረጠ ግንድ ላይ የሚታየው የዓመት ቀለበትም ከዚህ የመጣ ነው። ቀለበቶቹን የቆጠረ የዛፉን ዕድሜ ያውቃል፤ የጠበቡትን ያየ ደግሞ ዛፉ የተቸገረባቸውን ዓመታት ያነባል።

በግንዱ ዳር ያለው ነጣ ያለ ክፍል ውኃን ከሥር ወደ ቅጠል የሚያወጣ ነው። ዛፉ ሲጎለምስ የመካከሉ ክፍል ውኃ ማመላለሱን ያቆማል፤ በሙጫ፣ በዘይትና መራራ በሆኑ ንጥረ ነገሮች ይሞላል፤ ቀለሙም ይጠቁራል ወይም ይቀላል። ምስጥን፣ ነቀዝንና ሻጋታን የሚመክተው ይህ የመካከል ክፍል ነው። ወጣት ዛፍ ይህ ክፍል ገና የለውም፤ ቢኖረውም ጥቂት ነው። በ20 ዓመቱ የተቆረጠ አርዝና በ200 ዓመቱ የተቆረጠ አርዝ አንድ ዓይነት ሳንቃ የማይሰጡት በዚህ ምክንያት ነው፤ የእንጨቱን ዋጋ የሚሠራው ዘመን ነውና።

ዛፎች በእንጨታቸው በሁለት ታላላቅ ወገኖች ይከፈላሉ። የመጀመሪያዎቹ እንደ አርዝ፣ ስኖበርና ጽድ መርፌ ወይም ቅርፊት የመሰለ ጠባብ ቅጠል ያላቸው ናቸው፤ እንጨታቸው ብዙውን ጊዜ ቀለል ያለ፣ ለመሰንጠቅ የሚመችና ሽታ ያለው ነው። ሁለተኛዎቹ እንደ በሉጥ፣ ወይራና ዋንዛ ሰፋ ያለ ቅጠል ያላቸው ናቸው፤ ከእነርሱ መካከል እጅግ ከባድ እንጨት የሚሰጡ አሉ። ለንጽጽር ያህል፣ አንድ ሜትር ኩብ ደረቅ የወይራ እንጨት ወደ 900 ኪሎ ግራም ሲመዝን፣ ያው መጠን ያለው የአርዝ እንጨት ከ500 ኪሎ ግራም ብዙ አይዘልም።

ሁለቱን ወገኖች የሚለይ ሌላ ትልቅ ነገርም አለ። ሲንድያንና ወይራ ሲቆረጡ ከጉቷቸው ያቆጠቁጣሉ። አርዝ፣ ስኖበርና ጽድ ግን አያቆጠቁጡም፤ ግንዳቸው የተቆረጠ ዕለት ያ ዛፍ ያበቃለታል፤ በቦታው ሌላ ዛፍ የሚገኘው ዘር ከበቀለ ብቻ ነው። ስለ ደን መቆረጥ የሚነገረው ሁሉ በዚህ ልዩነት ላይ የቆመ ነው።

አርዝ፣ ዝግባና ጽድ

አርዝ በሊባኖስ ሰንደቅ ዓላማ መካከል የቆመው አረንጓዴ ዛፍ ነው። ሰንደቁ በአሁኑ መልኩ የጸደቀው እ.ኤ.አ. ዲሴምበር 7 ቀን 1943 ነው። አማርኛ አንባቢ ይህን ዛፍ በሁለት ስም ያውቀዋል፤ በአንድ በኩል «አርዘ ሊባኖስ»፣ በሌላ በኩል በመጽሐፍ ቅዱስ ትርጉም እንደሚገኘው «የሊባኖስ ዝግባ» ይባላል። የመጀመሪያው የግእዝ አጠራር ሲሆን፣ «አርዝ» የሚለው ቃል ከዐረብኛው ጋር አንድ ነው። ሁለተኛው ግን አርዝን አይቶ የማያውቅ አንባቢ ግዙፍነቱን እንዲረዳው የኢትዮጵያን ረጅም ዛፍ ስም የተዋሰ አጠራር ነው።

በእርግጥ አርዝና ዝግባ ዝምድናቸው ሩቅ ነው። አርዝ ከስኖበር ቤተሰብ ነው። ዝግባ ደግሞ በአብዛኛው በደቡባዊው የምድር ክፍል የተስፋፋ የሌላ ቤተሰብ ዛፍ ነው። የዝግባ እንጨት ወደ ቢጫ የሚያደላ፣ መስመሩ እምብዛም የማይታይ፣ ለመላግና ለመጋዝ የሚገዛ በመሆኑ ለቤት ውስጥ ሥራና ለቤት ዕቃ ተወዳጅ ነው፤ ከእርጥብ መሬት ጋር ሲገናኝ ግን ፈጥኖ ይበሰብሳል። የአርዝ እንጨት ቀላ ያለ፣ ሽታው ደስ የሚያሰኝ፣ ነቀዝ የማይደፍረውና በእርጥበት የሚጸና ነው። ሁለቱ የሚመሳሰሉት በቁመታቸው እንጂ በእንጨታቸው ጠባይ አይደለም።

በጠባዩ ወደ አርዝ የሚቀርበው የኢትዮጵያ ዛፍ ጽድ ወይም ጥድ ነው። የሐበሻ ጽድ እንጨት መካከሉ ቀይ፣ ሽታው ጠንካራ፣ ምስጥን የሚቋቋም ሲሆን፣ ለምሰሶ፣ ለአጥር ቋሚ፣ ለበርና ለመስኮት ከሁሉ ይመረጣል። የቅርብ ዘመዱም በሊባኖስ ይገኛል። «ልዛብ» የተባለው የሊባኖስ ጽድ በከፍተኛዎቹ ተራሮች፣ ከአርዝም በላይ፣ ብርድና ነፋስ ሌላውን ዛፍ በሚያሸንፍበት ቦታ ይቆማል። በሄርሜል በኩል ያለውን ተራራ ያየ ኢትዮጵያዊ የአገሩን ጽድ የሚያስታውሰው ያለ ምክንያት አይደለም።

በከተማ አትክልት ስፍራና በአጥር ዳር የሚታየው «የፈረንጅ ጽድ» ደግሞ ከሁለቱም የተለየ ነው። በኢትዮጵያ በዚህ ስም የሚጠራው ዛፍ የትውልድ አገሩ ሜክሲኮና መካከለኛው አሜሪካ ሲሆን፣ በሊባኖስ «ሰርው» ከሚባለው ረጅም ቀጥ ያለ ዛፍ ጋር አንድ ወገን ነው።

ከባሕሩ እስከ በረዶው፦ ዛፎቹ በየተራቸው

ስኖበር። በመትንና በጄዚን በኩል፣ በአሸዋማ አፈር ላይ የሚበቅል፣ አናቱ እንደ ጃንጥላ የተዘረጋ ዛፍ ነው። ፍሬው በዛፉ ላይ ለመብሰል 3 ዓመት ይፈጅበታል፤ በውስጡ የሚገኘው ነጭ ፍሬ በሊባኖስ ማዕድ በሩዝና በሥጋ ላይ የሚበተነው ውድ ፍሬ ነው። ዋጋው ውድ የሆነውም በዚህ ረጅም ጊዜና ለቀማው በሚጠይቀው አደገኛ የመውጣት ሥራ ምክንያት ነው። ባለቤቱ የታችኛውን ቅርንጫፍ በየጊዜው ስለሚከረክም፣ ከቆመ ስኖበር በየዓመቱ ማገዶ ይገኛል። እንጨቱ ሙጫ ስላለው ለማቀጣጠያ ጥሩ ነው፤ ብቻውን ሲነድ ግን ጭስና ጥላሸት ያበዛል።

ሲንድያን። ዓመቱን ሙሉ ቅጠሉ የማይረግፍ፣ ቅጠሉ ትንሽና እሾኻማ የሆነ በሉጥ ነው። እንጨቱ ከባድና ጠንካራ፣ ፍሙ ረጅም ጊዜ የሚቆይ በመሆኑ በማገዶነትና በከሰልነት የታወቀ ነው። ከጉቶው ስለሚያቆጠቁጥ በሥርዓት ከተቆረጠ ይመለሳል። በፍየል ከተበላ ወይም ቡቃያው ሳይጠነክር በተደጋጋሚ ከተቆረጠ ግን ቁጥቋጦ ሆኖ ይቀራል።

ዘይቱን ወይም ወይራ። የሊባኖስ ወይራና የኢትዮጵያ ወይራ የአንድ ዝርያ ሁለት ቅርንጫፎች ናቸው። የሊባኖሱ ለፍሬውና ለዘይቱ ሲለማ፣ የኢትዮጵያው ፍሬው ትንሽ ሲሆን ለእንጨቱ፣ ለበትሩና ለጢሱ ይፈለጋል። የወተት ዕቃ፣ የጠላ ገንቦና ጋን በወይራ መታጠኑ ለመዓዛ ብቻ ሳይሆን ዕቃውን ከሚያበላሽ ተሕዋስ ለመጠበቅም ነው። በሊባኖስ ወይራ የሚቆረጠው ለክርከማ ነው፤ የክርከማው ቅርንጫፍ እጅግ ጥሩ ማገዶ ነው።

ኸሩብ። በዝቅተኛው ኮረብታ የሚገኝ፣ ጥቁር ቡናማ ጣፋጭ ቆባ የሚያፈራ ዛፍ ነው። ከቆባው ሞላሰስ ይሠራል። እንጨቱ ጠንካራና ቀላ ያለ ነው።

ጆዝ። በአማርኛ ዋልነት የሚባለው ነው። ውኃ ባለበት ሸለቆ ይበቅላል። እንጨቱ ጠቆር ያለ፣ መስመሩ ያማረ፣ ሲደርቅ የማይጣመም በመሆኑ ለቤት ዕቃ፣ ለዑድና ለጠጠር መጫወቻ ገበታ ይውላል። በኢትዮጵያ አናጢ ዘንድ ይህን ቦታ የያዘው ዋንዛ ነው፤ ከቁም ሣጥን እስከ ከበሮ፣ ከሙቀጫ እስከ ቀፎ የሚሠራበት ዛፍ ነውና።

አርዝ። ከባሕር ጠለል በላይ ከ1,300 እስከ 2,000 ሜትር ገደማ ባለው ከፍታ ይገኛል። ዘሩን ለመስጠት አሥርት ዓመታት ይፈጅበታል፤ ፍሬውም በዛፉ ላይ ከአንድ ዓመት በላይ ይቆያል። የበቀለው ችግኝ ደግሞ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት በበጋ ድርቅና በመንጋ ጥርስ ይፈተናል።

ተራራው እንዴት ተራቆተ

ዛሬ ከሊባኖስ ምድር በደን የተሸፈነው 13 በመቶ ያህሉ ነው። የተራራው መራቆት ግን የትናንት ነገር አይደለም። ግብፅ ረጅም ሳንቃ የሚወጣው ዛፍ ስላልነበራት፣ በጥንት ዘመን ከጁበይል ወደብ እንጨት ታስመጣ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1954 በታላቁ ፒራሚድ አጠገብ በጉድጓድ ተቀብሮ የተገኘው የንጉሥ ኩፉ መርከብ 43 ሜትር ያህል ርዝመት ያለው ሲሆን፣ አብዛኛው አካሉ ከሊባኖስ አርዝ የተሠራ ነው። ከ4,500 ዓመት በኋላም ሳንቃዎቹ ተገጣጥመው ለመቆም በቅተዋል። የጢሮስ ንጉሥ ኪራም ለሰሎሞን ቤተ መቅደስ የላከው እንጨት ታሪክም በኢትዮጵያ አንባቢ ዘንድ የታወቀ ነው።

የመቆጣጠር ሙከራውም ጥንታዊ ነው። ከ117 እስከ 138 ዓ.ም. የነገሠው የሮም ንጉሠ ነገሥት ሐድርያን በሊባኖስ ተራሮች ድንጋዮች ላይ ወሰን አስቀርጿል። እስከ ዛሬ ወደ 200 የሚጠጉ ጽሑፎች ተገኝተዋል። ከመካከላቸው አራት ዓይነት ዛፎች የንጉሠ ነገሥቱ እንደሆኑ፣ የቀሩት ግን ለሌላው ሰው የተፈቀዱ እንደሆኑ የሚያሳውቁ አሉ። ጽሑፎቹ የአራቱን ዛፎች ስም አይዘረዝሩም፤ የሚነድ እንጨትና የሚጠበቅ እንጨት መለየት እንደሚገባው ግን በዚያ ዘመንም ታውቆ ነበር።

በአንደኛው የዓለም ጦርነት ዘመን የኦቶማን ባቡሮች የድንጋይ ከሰል ስላጡ፣ ከሊባኖስ ተራሮች ብዙ ዛፍ ለባቡር ማገዶ ተቆረጠ። ያ ዘመን በተራራው ላይ ከባድ ረኃብ የወደቀበት ዘመንም ነበር። በ1982 በእስራኤል ወረራ ወቅት ደግሞ በቤይሩት መካከል የሚገኘው የስኖበር ደን፣ ሖርሽ ቤይሩት፣ ተቃጠለ፤ ዛሬ የሚታዩት ዛፎች አብዛኞቹ ከዚያ በኋላ የተተከሉ ናቸው። በኦክቶበር 2019 ከ100 በላይ የእሳት ቃጠሎዎች በአንድ ጊዜ ተነሥተው በሹፍና በሌሎችም አካባቢዎች ደንና ቤት በሉ። በዚያው ዓመት የጀመረው ቀውስ ሲከተል፣ መጋዙ በሲንድያን ብቻ ሳይሆን በዓመታት ብዛት በደረሱ ልዛቦችና አርዞች ላይም አረፈ።

ከዚህ ላይ የዛፉን ጠባይ ማወቅ ፍርዱን ያስተካክላል። የተቆረጠ ሲንድያን ጊዜ ከተሰጠው ይመለሳል። የተቆረጠ ልዛብ ግን አይመለስም፤ ዘሩም ለመብቀል እጅግ ይዘገያል፤ ፍሬውን በልተው ዘሩን የሚበትኑ ወፎችም ያስፈልጉታል። በአንድ ሌሊት ምድጃ የሚያልቀው እንጨት ከልዛብ ከሆነ፣ የነደደው የብዙ ትውልድ ዘመን ነው።

የድንጋይ አጥር፣ የሕግ አጥር

ከብሸሪ በላይ ያለው የአርዝ ደን፣ በዐረብኛ «አርዝ አር-ረብ» ማለትም የጌታ አርዝ የሚባለው፣ እስከ ዛሬ የቆየው ስለታጠረ ነው። እ.ኤ.አ. በ1876 የእንግሊዟ ንግሥት ቪክቶሪያ በሰጠችው ገንዘብ ዙሪያው በድንጋይ ግንብ ታጠረ፤ ዓላማውም ፍየሎች ቡቃያውን እንዳይበሉ ለመከልከል ነበር። ደኑ ከቀዲሻ ሸለቆ ጋር በ1998 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል። በሹፍ ያለው የአርዝ ጥብቅ ቦታ ደግሞ በ1996 ተቋቋመ። በዚያው ዓመት የወጣው ሕግ ቁጥር 558 አርዝን ጨምሮ የሊባኖስን ደኖች ከመቆረጥ የሚጠብቅ ሲሆን፣ ደን ለመቁረጥም ሆነ ከሰል ለማክሰል የግብርና ሚኒስቴር ፈቃድ ያስፈልጋል። የግል ይዞታ ላይ ያለ ዛፍ እንኳ እንደ ባለቤቱ ፍላጎት ብቻ አይጣልም። ስለዚህ በአሠሪ ትእዛዝ መጋዝ የሚያነሣ ሠራተኛ፣ ዛፉ የትኛው እንደሆነና ፈቃድ መኖሩን ቢጠይቅ ለራሱም ጥበቃ ነው።

በድንጋይ አጥር ደን የማዳኑ ነገር ለአማራ ክልል ነዋሪም እንግዳ አይደለም። በደቡብ ጎንደር በየቤተ ክርስቲያኑ ዙሪያ የቆሙት ደኖች ከ1,000 በላይ ሲሆኑ፣ በዙሪያቸው ያለው መሬት ታርሶ ሲያልቅ ጽድ፣ ወይራ፣ ዝግባና ጥቁር እንጨት የተረፉት በእነርሱ ውስጥ ነው። ዶክተር ዓለማየሁ ዋሴ የተባሉት ኢትዮጵያዊ የሥነ ምህዳር ተመራማሪ እነዚህን ደኖች ለረጅም ዘመን ያጠኑ ሲሆን፣ ከካህናቱና ከምእመናኑ ጋር ደኑን በካብ የማጠር ሥራ እንዲስፋፋ አድርገዋል። ድንጋዩ ከእርሻው ተለቅሞ ስለሚካብ እርሻው ይጠራል፣ ከብቱ ይከለከላል፣ የወደቀው ዘር ይበቅላል። በብሸሪና በደቡብ ጎንደር መካከል ብዙ ሺህ ኪሎ ሜትር ቢኖርም መፍትሔው አንድ ነው፤ ከጉቶ የማያቆጠቁጥ ዛፍ የሚድነው ቡቃያው ሲድን ነውና።

ለማገዶ ርኀብ የተሰጠው ሌላው መልስ ፈጥኖ የሚያድግ ዛፍ መትከል ነው። በ1886 የተመሠረተችው አዲስ አበባ ዙሪያዋን የነበረውን ዛፍ በጥቂት ዓመታት ውስጥ ስለፈጀች፣ ዳግማዊ አፄ ምኒልክ ከባሕር ማዶ የመጣውን ባሕር ዛፍ እንዲተከል አደረጉ። ባሕር ዛፍ ከጉቶው ደጋግሞ ስለሚያቆጠቁጥ ከተማዋን በምሰሶ፣ በማገርና በማገዶ ቀለበ፤ ከእንጦጦ የእንጨት ሸክም በጀርባቸው ይዘው የሚወርዱት ሴቶች ኑሮም በእርሱ ላይ የተመሠረተ ሆነ። በአንጻሩ ባሕር ዛፍ ውኃ የሚጠጣና በሥሩ ሌላ ተክል የማያስጠጋ በመሆኑ ሲወቀስ ኖሯል። ቢሆንም ባሕር ዛፍ ለምድጃው ሲቀርብ፣ ጽድና ወይራ ከምድጃው የሚተርፉበት ዕድል ይሰፋል።

በሊባኖስ ዛፍ ሳይጣል የሚገኘው ማገዶ የክርከማ እንጨትና «ጂፍት» ነው። ጂፍት የወይራ ዘይት ከተጨመቀ በኋላ የሚቀረው ፍሬና ልጣጭ ደርቆና ተጠቅጥቆ እንደ ግንድ የሚሠራ ነው። ሙቀቱ ብርቱ ነው፤ ዛፉም በቦታው ቆሞ በሚቀጥለው ዓመት ያፈራል።

ማገዶና ከሰል ሲገዙና ሲያነዱ

እርጥብ እንጨት አይጠቅምም። አዲስ የተቆረጠ እንጨት ከክብደቱ ግማሽ የሚደርሰው ውኃ ሊሆን ይችላል። በክብደት በሚሸጥበት ጊዜ እርጥብ እንጨት የገዛ ሰው ውኃ በገንዘብ ገዛ ማለት ነው፤ ሲያነደውም ሙቀቱ ውኃውን በማትነን ያልቃል። ደረቅ እንጨት ጫፉ የተሰነጠቀ፣ ቅርፊቱ በቀላሉ የሚላቀቅ፣ ሁለቱ ሲጋጩ ጥርት ያለ ድምፅ የሚሰጥ ነው። የተፈለጠ ከባድ እንጨት ከዝናብ ተጠብቆ ነፋስ እያገኘው ቢያንስ አንድ በጋ ሊቆይ ይገባል።

የደረቁ እንጨቶች በኪሎ ግራም የሚሰጡት ሙቀት ብዙ አይለያይም። ልዩነቱ በመጠን ነው፤ አንድ ጉማጅ ወይራ ወይም ሲንድያን ከአንድ ጉማጅ ስኖበር ይልቅ ረጅም ጊዜ የሚነደው ክብደቱ ስለሚበልጥ ነው። ከሰል ደግሞ በክብደቱ ከደረቅ እንጨት እጥፍ ገደማ ሙቀት ይሰጣል፤ ነገር ግን አንድ ኪሎ ግራም ከሰል ለማግኘት በባህላዊ አከሳሰል ከ5 ኪሎ ግራም የማያንስ እንጨት ይጠፋል።

ቀለም፣ ቫርኒሽ ወይም ሙጫ ያለበት እንጨት ለምድጃ አይሆንም። የአሮጌ ቁም ሣጥን ኮምፔርሳቶና ቺፑድ የተያያዙበት ሙጫ ሲነድ መርዛም ጋዝ ያወጣል። ወደ አረንጓዴ የሚያደላ ቀለም ያለው፣ ለመበስበስ መከላከያ መድኃኒት የጠጣ ሳንቃ አመዱ ሳይቀር አደገኛ ነው። የጭነት ፓሌት የሚነድ ከሆነ ማኅተሙ ይታይ፤ «ኤች ቲ» የሚሉት የላቲን ፊደላት በሙቀት ብቻ የታከመ መሆኑን፣ «ኤም ቢ» ግን በመርዛም ጋዝ የታጠነ መሆኑን ያመለክታሉ፤ ይህኛው ለማገዶ አይነካም።

በመንገድ ዳርና በግቢ የሚተከለው፣ ሮዝ ወይም ነጭ አበባ ያለው «ዲፍላ» ከቅጠሉ እስከ ግንዱ መርዝ ነው። ቅርንጫፉ ለማገዶም፣ ለሥጋ መጥበሻ ስንጥርም፣ ለማማሰያም ሊውል አይገባም፤ ጭሱም ይጎዳል።

ከሁሉ የሚበልጠው ጥንቃቄ ግን የከሰል ነው። ከሰል ጭሱ ጥቂት ስለሆነ ንጹሕ ይመስላል፤ ነገር ግን ቀለምም ሽታም የሌለው ካርቦን ሞኖክሳይድ የተባለ ጋዝ ያወጣል። ይህ ጋዝ በደም ውስጥ የኦክስጅንን ቦታ ይይዛል፤ በተዘጋ ክፍል ሰው ተኝቶ ሳለ ይገድላል። ቡና በከሰል የሚፈላ ከሆነ መስኮትና በር ተከፍቶ ወይም በበረንዳ ላይ ይፈላ። የከሰል ምድጃ፣ ፍሙ የጠፋ ቢመስል እንኳ፣ ሰው ከሚተኛበት ክፍል አይደር። «ሶብያ» የሚባለው የብረት ማሞቂያ ደግሞ የጭስ ቱቦው ከወቅቱ በፊት ሊጠረግና መገጣጠሚያው ሊፈተሽ ይገባል። አብረው ያሉ ሰዎች በአንድ ጊዜ ራስ ምታት፣ ማዞር፣ ማቅለሽለሽና የጉልበት መክዳት ከተሰማቸው ፈጥነው ወደ ውጭ አየር ይውጡ፤ የሊባኖስ ቀይ መስቀል አምቡላንስ በ140 ይጠራል። በደንም ሆነ በቤት እሳት ለተነሣ ደግሞ የሲቪል መከላከያ ቁጥር 125 ነው። ከሴፕቴምበር እስከ ኖቬምበር ባሉት ደረቅና ነፋሻማ ቀናት ቅጠል፣ ገለባም ሆነ የክርከማ ቅርንጫፍ በአትክልት ቦታ አይቃጠል፤ ከተራራው ደኖች ብዙዎቹ የተቃጠሉት ከእንዲህ ያለ ትንሽ እሳት ነው።

ማገዶ የሚገዛ ሰው ለሻጩ የሚያቀርባቸው ጥያቄዎች ሦስት ናቸው፦ ከምን ዛፍ ነው? መቼ ተቆረጠ? የተቆረጠው በፈቃድ ነው? የክርከማ ወይራ፣ የክርከማ ስኖበር፣ ባለፈው ዓመት የተፈለጠ ሲንድያን ወይም ጂፍት መልስ ሆኖ ከመጣ መልካም ነው። ክምሩ ውስጥ መካከሉ ቀይ የሆነ፣ ቀለበቱ እጅግ የጠበበ፣ ሽታው እንደ ጽድ የሚያውድ እንጨት ከተገኘ ግን ልዛብ ወይም አርዝ ሊሆን ይችላልና አይገዛም። የሐበሻን ጽድ በሽታው ለይቶ ያደገ ሰው ይህን ለመለየት ብዙ ትምህርት አያስፈልገውም።